አማቼ እሳቱ ላይ የጣለው ኩበት

ፊደል የቆጠርኩት ትልቅ ሰው ሆኜ ነው፤ በመሠረተ ትምህርት ጊዜ፣ ከእርሻ መልስ ዛፍ ሥር ተቀምጠን። ስለዚህ ቀስ ብዬ ነው የምጽፈው፤ እናንተም ቀስ ብላችሁ አንብቡልኝ። ዕድሜዬ ሰባን አልፏል፣ ወገቤ እንደ ድሮው አይታዘዘኝም። የምነግራችሁ ነገር ራሱ ከሁለት ሳምንት የማይበልጥ ነው፤ እሱን ለመጻፍ ግን አንድ ክረምት ሙሉ ፈጀብኝ።

ቤታችን ከመካነ ሰላም ወጣ ብሎ፣ ቁልቁለቱ ሲጀምር ነው። ሚስቴ ዘሐራ ሸክላ ሠሪ ናት። እናቷም አያቷም ሸክላ ሠሪ ነበሩ። እኔ የገበሬ ልጅ ነኝ። በኛ አገር የገበሬ ልጅ የሸክላ ሠሪ ልጅ አያገባም፤ ቡዳ ናቸው፣ ዓይናቸው ሰው ይበላል ይባላል። ከሠሩት ድስት ወጥ ይወጣል፣ ከሠሩት እንስራ ውሃ ይጠጣል፣ ከነሱ ጋር ግን ማዕድ አይቀረብም። እኔ አገባኋት። ወንድሞቼ ከዚያ ቀን ወዲህ ደጄን አልረገጡም። ሁለቱ ሳንታረቅ ሞቱ።

አፈሩን የምቆፍረው እኔ ነኝ። ማገዶውን እለቅማለሁ፣ ኩበቱን አደርቃለሁ፣ ሸክላውን ተሸክሜ ገበያ አወርዳለሁ። ጭቃውን መሥራት ግን የሴት እጅ ነው፤ አርባ ዓመት አጠገቧ ተቀምጬ አንዲት ስኒ እንኳ ሠርቼ አላውቅም።

አላህ አንዲት ልጅ ሰጠን፣ መዲናን። ለአቅመ ሔዋን ስትደርስ ከወረኢሉ፣ ከከብት ነጋዴ ቤት ተጠየቀች። ልጁ ሰይድ ይባላል፤ ሸጋ ልጅ ነው፣ ንግግሩ ዝቅ ያለ። ሽማግሌዎቹ ዘር ሲጠይቁ የኔን እስከ ሰባት ቤት ቆጠርኩላቸው። የዘሐራን ሲጠይቁኝ፣ «የከላላ ሰዎች ናቸው፤ ገበሬዎች ናቸው» አልኩ። ዘሐራ ከግድግዳው ወዲያ ሆና ትሰማኝ ነበር።  ከማግስቱ ጀምሮ ገበያ መውጣት ተወች።

እንዲህ ሆነን አሥራ አንድ ዓመት ኖርን። ዘሐራ ከቤቱ ጀርባ ባለችው ጎጆ ተደብቃ ትሠራለች፤ እኔ ገበያ ላይ ሸክላ ነጋዴ ነኝ፣ ከሩቅ እያመጣሁ የምሸጥ። አማቾቻችን ሲመጡ መዲና ቀድማ ትደውላለች። ያኔ ጭቃውን በገለባ እንሸፍናለን፣ ገሉን ጉድጓድ ውስጥ እንከታለን፣ ዘሐራ ጥፍሯ ሥር የገባውን ጭቃ በሎሚና በአመድ ስታሽ ትውላለች። እንግዳው ሲመጣ እጇ እንደ ሕፃን እጅ ቀይ ሆኖ ይቆያታል። የሰይድ እናት፣ ወይዘሮ ከዲጃ፣ አንድ ጊዜ እጇን ይዛ፣ «ምነው እህቴ፣ በፈላ ውሃ ነው እንዴ የምትታጠቢው?» ብላታለች። መዲና የምትኖረው ከከዲጃ ጋር በአንድ ግቢ ነው። እውነቱ ቢታወቅ ልጄን ሸኝተው እንደሚሰዱብኝ እርግጠኛ ነበርኩ። ሲመሽም ሲነጋም የማስበው እሱን ነው።

አንድ የገበያ ቀን ሸክላዬን ዘርግቼ ተቀምጬ ሳለሁ አንዲት ከአዲስ አበባ የመጣች ሴት ፊቴ ቆመች። ሰናይት ትባላለች። ብሩክ የሚባል ባልደረባዋ ካሜራ አንጠልጥሎ ከኋላዋ ቆሟል። ማሰሮ አነሳች፣ አገላብጣ አየች።

«አባባ፣ ይሄን ማን ሠራው?»

«ከሩቅ ነው የማመጣው።»

«ከየት?»

«ከወዲያ ማዶ።»

አልሄደችም። ቁጢጥ ብላ ተቀመጠች። «አባባ፣ የሸክላ አሠራር ሳይጠፋ በፊልም ለማስቀመጥ ነው የመጣነው። ከደጎሎ ጀምሮ ስንጠይቅ ሰነበትን። ሰው ሁሉ ሸክላውን ያሳየናል፤ ሠሪዋን የሚያሳየን ግን አጣን።»

ያን ቀን ደክሞኝ ነበር። ሸክሙ ብቻ አይደለም፤ «ከሩቅ ነው» ማለቱ ራሱ ደክሞኝ ነበር። ስንት ዓመት አልኩት። «ሠሪዋ ቤቴ ናት» አልኳት። ቃሉ ከአፌ ከወጣ በኋላ ነው ማን ሰማኝ ብዬ ግራ ቀኝ ያየሁት።

ዘሐራ ስትሰማ እጇ ላይ የነበረውን ጭቃ አስቀምጣ አየችኝ።

«አብደሃል እንዴ?»

«እንጃ።»

«ካሜራ? የኔን ፊት? ወረኢሉ ላይ ቴሌቪዥን የለም ያለህ ማነው?»

እንግዶቹ በር ላይ ቆመው ይሰማሉ። ሰናይት ወደ ውስጥ ሳትገባ፣ «እትዬ ዘሐራ፣ ካልፈለጉ አሁን እንመለሳለን» አለች። «ግን አንድ ነገር ልንገርዎት። እስፔን የሚባል አገር አንድ ሽማግሌ ሸክላ ሠሪ ሲሠሩ በፊልም አይቻለሁ። የሰፈራቸው የመጨረሻው ሰው ነበሩ። ሰውዬው ሞቱ፣ እጃቸው ግን እስከዛሬ ይታያል። እኔም የኛን አገር እጅ ማን አስቀመጠው ብዬ ነው የተነሳሁት።»

ዘሐራ ጭቃውን መልሳ አነሳች። «እዚያ አገር ሸክላ ሠሪ ቡዳ ይባላል?»

«አይባልም። የተከበሩ ሰው ነበሩ።»

«ታዲያ ምን አጠፋቸው?»

«ፕላስቲክ መጣ።»

ዘሐራ ሳቀች። ከብዙ ጊዜ በኋላ ስትስቅ ያየኋት ያኔ ነው። «ሰማህ እንድሪስ? ተሰደብንም ተከበርንም መጨረሻችን ጀሪካን ነው።» ከዚያ ሳቋ ጠፋ። «እንስራ ከሠራሁ አሥር ዓመት አልፎኛል። አንገቱን እናቴ ታወጣው እንደነበር የማወጣ እኔ ብቻ ቀርቻለሁ። መዲናን አላስተማርኳትም፤ ሆን ብዬ ነው። እኔ ስሞት አብሮኝ ይቀበራል።» እጇን ልብሷ ላይ ጠረገች። «እጄን ውሰዱ፣ ፊቴን ተዉ። ስሜንም የአገሬንም ስም አትጥሩ። እሺ ካላችሁ ነገ ኑ።»

ሰናይት በእናቷ ምላ እሺ አለች።

በማግስቱ ማለዳ ከወንዙ ዳር አፈር ስቆፍር ብሩክ እየተከተለ ቀረፀኝ። ሁለት ጊዜ ወገቤን ይዤ ቆምኩ። «ደከመዎት አባባ?» ሲለኝ፣ «ይሄንንም ታሳየዋለህ?» አልኩት። «እሱን ነው እንጂ የማሳየው» አለ። እኔ ድካም ለፊልም ይሆናል ብዬ አስቤ አላውቅም።

ዘሐራ ከዓይኗ በስተቀር ፊቷን በነጠላ ጠምጥማ ተቀመጠች። አፈሩን ከተፈጨ ገል ጋር ለወሰችው፤ ገል ያልገባበት ጭቃ እሳት ላይ ይሰነጠቃል። የእንስራውን ሆድ በአንድ ስባሪ ድስት ላይ አስቀምጣ መሳብ ጀመረች። ሰናይት በውጭ አገር ሸክላው በመዘውር እንደሚዞር ነገረችን። በኛ ዘንድ ሸክላው ቁጭ ይላል፤ የምትዞረው ዘሐራ ናት። ወገቧን አጉብጣ፣ አንድ እጇን ከውስጥ ሌላውን ከውጭ አድርጋ፣ ወደ ኋላ እየረገጠች ትዞራለች። ብሩክም ካሜራውን ይዞ ከኋላ ከኋላዋ ይዞራል። ሦስት ጊዜ ተጋጩ።

«አንተ ልጅ፣ አንዱ ይዙር፤ ወይ አንተ ወይ እኔ።»

«ይቅርታ እትዬ።»

«ሆዱን ካጎበጥክብኝ ውሃውን አንተ ራስህ በካሜራህ ትቀዳለህ።»

እስከ ትከሻው ደርሳ ለዚያ ቀን ተወችው፤ ጠንከር ካላለ አንገት አይሸከምም። በሁለተኛው ቀን አንገቱን አወጣችው። ይሄን ልገልጸው አልችልም። ጭቃውን በሁለት አውራ ጣቷ መሃል ይዛ ስትዞር አንገቱ ራሱ ከትከሻው የሚበቅል ይመስላል። እስትንፋሷን ይዛ ነው የምትዞረው። ስትጨርስ ተቀመጠች። ብሩክ ካሜራውን ዝቅ አደረገ። ሰናይት ዓይኗን ጠረገች። ዘሐራ ደግሞ፣ «ትንሽ ወደ ግራ ዘመመ። እናቴ ብታየው ትሰብረው ነበር» አለች።

እንስራው ገና መድረቅ ነበረበት። በሦስተኛው ቀን ግን ለገበያ ሠርታ ያደረቀቻቸው ማሰሮዎችና ድስቶች ስለነበሩ እነሱን እሳት ልናስገባ ተነሳን። ሰናይት እሳቱንም ትፈልገዋለች።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ላስረዳችሁ። ሰው እኛን ቡዳ ይለናል፤ የኛ ሰዎች ደግሞ በፋንታቸው የሰውን ዓይን ይፈራሉ። ሸክላ እሳት ውስጥ እያለ ባዶ እጁን ቆሞ ያየ ሰው ይሰነጥቀዋል ይባላል። የሙያው ሰው ሲመጣ ከክምሩ ኩበት ያነሳል፣ እትፍ ይልበታል፣ ነፋሱ ከሚመጣበት በኩል እሳቱ ውስጥ ይጥለዋል። ከዚያ፣ «እሳትሽ ይጥገብ» ይላል፤ ሠሪዋም «ቤትህ ይሙላ» ትለዋለች። ሌላው ሰው ይህን አያውቅም። ጭሳችንን ሲያይ መንገድ ቀይሮ ነው የሚያልፈው።

ዘሐራ ይህን ለእንግዶቹ አስተማረቻቸው። ብሩክ እትፍ ማለቱን ረስቶ ኩበቱን ወረወረው። «ደረቅ ምርቃት!» ብላ አስመለሰችው። ሁለተኛውን በደንብ አደረገ፤ ከዚያ ካሜራውን ሦስት እግር ባለው ማስቀመጫ ላይ አቆመው።

እሳቱ ሲነሳ ጭሱ በዘሐራ ነጠላ ውስጥ ገባ። ሳል ጀመራት። ነጠላውን ከፊቷ ገፍታ ትከሻዋ ላይ ጣለችው። «ፊትሽ» አልኳት። «ሰናይት እንቆርጠዋለን ብላለች፣ ልሙት እንዴ?» አለችኝና ረጅሙን እንጨት ይዛ ኩበቱን ታስጠጋ ጀመር። ጭቃው እስከ ክርኗ ደርቆባታል።

እንዲህ እንዳለን የአጥሩ በር ተከፈተ። ሰይድ ነው። አማቼ።

በኋላ እንደነገረኝ፣ በሬ ሊገዛ መካነ ሰላም መጥቶ ጊዜ ተረፈው፤ እግረ መንገዱን ሊጠይቀን ብሎ ነው። ቢደውል ስልኬ ተዘግቷል፤ ሰናይት ድምፅ እንዳይገባ ብላ አስዘግታኝ ነበር። መዲና ወደኛ መምጣቱን አታውቅም። ሰይድ ስኳርና ዘይት የያዘ ፌስታል አንጠልጥሎ በሩ ላይ ቆመ፤ እሳቱን አየ፣ ዘሐራን አየ፣ በጭቃ የተለበጠውን ክንዷን አየ።

 ተነስቼ ልቀበለው ብል አልተነሳሁም። «ሰይድ፣ ልጄ» አልኩ፤ «እነዚህ እንግዶች ናቸው… ሸክላ ሊያሳዩን መጥተው…» የምለው ምን እንደሆነ ራሴም አላወቅኩም። ዘሐራ እንጨቱን እንደያዘች ቀረች። በልቤ፣ አሥራ አንድ ዓመት፣ እያልኩ ነበር። ልጄን ሻንጣዋን ይዛ በዚያ በር ስትገባ አየኋት።

ሰይድ ፌስታሉን መሬት አስቀመጠ። ወደ ኩበቱ ክምር ሄደ። አንዱን አነሳ። እትፍ አለበት። አገጩን ቀና አድርጎ ነፋሱን ተቀበለ፣ ዞሮ በምሥራቅ በኩል ገባና ኩበቱን እሳቱ ውስጥ አኖረው። አልወረወረውም፤ አኖረው።

«እሳትሽ ይጥገብ» አለ።

«ቤትህ ይሙላ» አለች ዘሐራ። የመለሰው አንደበቷ ነው እንጂ እሷ አይደለችም።

 ሰይድ እጁን አየ። ምን እንዳደረገ የገባው ያኔ ነው። ፊቱ አመድ መሰለ።

«ማን አስተማረህ?» አለችው ዘሐራ።

ፌስታሉን ሊያነሳ ዞረ።

«ሰይድ። ይሄን ከመጽሐፍ አላገኘኸውም።»

«እናቴ ናት» አለ መሬት መሬት እያየ። ቀስ ብሎ ነገረን። ከዲጃ ያደገችው በጃማ በኩል፣ ከሸክላ ሠሪ ቤት ነው። አባቱ አግብቶ ወረኢሉ ሲያመጣት ዘመዶቿን እንድትረሳ አስማላት። ከዚያ ወዲህ ጭቃ ነክታ አታውቅም፤ እቤቷ የፕላስቲክና የብረት ዕቃ ብቻ ነው ያለው። ሰይድ ሕፃን ሳለ በድብቅ እናቷን ልትጠይቅ ስትሄድ ይዛው ነበር የምትሄደው፤ እሳት ሲነድ ምን እንደሚደረግ ያወቀው እዚያ ነው። ለመዲና ዘር ሲቆጠር የመጡት የአባቱ ወገን ሽማግሌዎች ነበሩ። የእናቱን ማንም አልጠየቀ።

«መዲና ታውቃለች?» አልኩት።

«አታውቅም።»

«እናትህስ የመዲናን?»

«እሷም አታውቅም። እኔም እስካሁን አላውቅም ነበር፣ አባ።» ድንጋይ ላይ ተቀመጠ። «በአንድ ግቢ አሥራ አንድ ዓመት። አንዷ ከሌላዋ ስትደበቅ።»

ይሄን ጊዜ ብሩክ ጉሮሮውን ጠረገ። «ጋሽ እንድሪስ፣ ካሜራው ክፍት ነው። ሁሉም ገብቷል።»

ሰይድ ዘሎ ተነሳ። «አጥፋው። እናቴ ያላት እድሯ ነው፣ ጎረቤቷ ነው። ይሄ ከታየ የሚቀብራት ታጣለች።»

«አሁኑኑ ፊታችሁ አጠፋዋለሁ» አለች ሰናይት። ባትከለከል ኖሮ እጇ አይዘገይም ነበር፤ የገባችውን ቃል የምትጠብቅ ሰው ናት።

«ቆይ» አለች ዘሐራ። እንጨቱን ጣለችው። «አታሳዪው፣ ግን አታጥፊው። እኔም ሰይድም የምንፈርድበት አይደለም። የከዲጃ ነው።»

«እናቴን እንዴት ብዬ ነው የምነግራት?» አለ ሰይድ።

«አትነግራትም።»

ያን ሁሉ ስንነጋገር እሳቱን የሚያየው አልነበረም። ሲበርድ ዘሐራ ከአመዱ ውስጥ አንዲት ማሰሮ አወጣች፣ በገለባ ጠቀለለችና ጆንያ ውስጥ ከታ ሰጠችው። «ዘሐራ የሠራችው ነው በላት። ሌላ ቃል አትጨምር። ማሰሮውን ካልተቀበለች ሰብረኸው ዝም በል። ልጄንም ካባረረች፣ ሚኒባስ አሳፍረህ ላክልኝ።» ይህን ስትል ድምፅዋ አልተለወጠም። እኔ ግን አርባ ዓመት አውቃታለሁ፤ ዘወር ብላ ያረጀ ገል ስትለቅም አየኋት፣ ለምንም የማይሆን ገል።

አራት ቀን ጠበቅን። ሰናይትና ብሩክ መካነ ሰላም አልጋ ይዘው ቆዩ፤ እየመጡ ያዩናል፣ ካሜራ ግን አላወጡም። እኔ ስልኬን ከእጄ አላወርድም። ሶላት ላይ እንኳ ኪሴን እዳብሳለሁ፣ አላህ ይቅር ይበለኝ። ዘሐራ የመዲናን አልጋ አነጠፈች። አልጠየቅኳትም።

በአራተኛው ቀን ረፋድ ላይ ስልኩ ጮኸ። መዲና ናት። የምታለቅስ ይሁን የምትስቅ መለየት አቃተኝ፤ ስልኩን ለእናቷ ሰጠሁና ድምፁን ከፍ አደረግኩት።

«እማዬ፣ ሰይድ ማሰሮውን አምጥቶ፣ ዘሐራ የሠራችው ነው ብሎ አማቴ ፊት አስቀመጠው። እኔ ሞትኩ። ግድግዳውን ይዤ ቆምኩ። እሷ ሦስት ቀን አልነካችውም። እኔንም አላናገረችኝም። ዛሬ ጠዋት ጓዳ ስገባ ጭኗ ላይ አስቀምጣዋለች። ገለበጠችው። በጣቷ መታ መታ አደረገችና ጆሮዋን ጣል አደረገችበት። ከዚያ ጎኑን በምላሷ ነካችው እማዬ። በምላሷ።»

«ከዚያስ?» አለች ዘሐራ።

«‹ጎኑ ጥሬ ነው› አለች። ‹እሳቱን ማን ትቶት ሄደ?›»

ዘሐራ አፏን ይዛ ተቀመጠች። የሸክላን መብሰል በምላስ የምትለይ ሠሪ ብቻ ናት።

«‹እንዴት አወቁ?› አልኳት። ‹አንቺስ እንዴት ዝም አልሽ?› አለችኝ። ከዚያ እንዴት እንደተቃቀፍን አላውቅም። ይኸው አጠገቤ ናት፤ ላናግራት ትላለች።»

ለምን ደበቅሽኝ ትላታለች፣ ወይ ይቅር በይኝ ትላታለች ብዬ ነበር። ሁለቱም ሰላምታ እንኳ አልተባባሉም።

«ነፋሱ ከየት ነበር?» አለች ከዲጃ።

«ከምሥራቅ።»

«ታዲያ በምዕራብ በኩል ማገዶ አሳንሰሻል።»

«ልጅሽ መጥቶ አፍዝዞን ነው እንጂ እኔ እሳት አላሳንስም።»

«እናቴ ቤት ሰው ቢሞትብን እንኳ እሳት አንተውም ነበር።»

ዘሐራ ስልኩን ከጆሮዋ አርቃ አየችው፣ መልሳ ጠጋ አደረገችው። «እንስራው ደርቆልኛል» አለች። «እሳቱን መጥተሽ አንቺው ጠብቂ።»

መጣች። መዲናና ሰይድ ይዘዋት መጡ። ኩበቱን አንስታ አሸተተችው፤ አስቡት፣ ከነካችው ስንት ዓመቷ ነው። ሰናይት ካሜራውን ሳትከፍት፣ ያን ቀን የተቀረጸውም አሁን የሚቀረጸውም ይታይ እንደሆነ ጠየቀቻት። ከዲጃ አንድ ኩበት ወደ እሳቱ አስጠጋች። «የእድሩ ሰው ምን ይል ይሆን?» አለች ለራሷ። ከዚያ፣ «የዘሐራ ፊት ይታያል?» ብላ ጠየቀች።

«እርስዎ እሺ ካሉ፣ እሳቸውም እሺ ብለዋል» አለች ሰናይት።

«የሷ ከታየ የኔን ለብቻ ምን አደርገዋለሁ» አለችና ሻሿን አስተካከለች።

እንግዲህ አንባቢዎቼ፣ ነገሩ ይሄ ነው። ፊልሙን በሰናይት ስልክ አየነው። ያን ሁሉ ቁፋሮ፣ ያን ሁሉ መዞር፣ ያን ሁሉ ጭስ አንድ ሰው ደጅ ወጥቶ እስኪመለስ ታየና አለቀ። ፊታቸውም ስማቸውም አለበት። ሁሉም ሰመረ ብዬ አልዋሻችሁም። እኛ ሰፈር እስከዚያ እንዳላወቁ ሆነው የኖሩ ሁለት ቤቶች ከኛ ውሃ መጠጣት ተዉ። የከዲጃ የእድር ሴቶች ለሁለት ተከፍለዋል፤ አንዳንዶቹ ያፌዙባታል፣ አንዳንዶቹ ደግሞ እየደበቁ ማሰሮ ያዟታል። መዲና መማር ጀምራለች፤ ዘሐራ እንደምትለው እጇ ዘግይቷል፣ ድስት ይሆንላታል እንስራ ግን አይሆንላትም። ሙያው ይተርፋል ብዬ አልምልላችሁም። እጃቸው ተቀርጾ ተቀምጧል፣ ያ ብቻ ነው።

እኔን የለወጠኝ ሌላ ነው። የደከመኝ ከአፈሩ መስሎኝ ነበር። አፈሩን አሁንም እቆፍራለሁ፣ ወገቤም አሁንም ይታመማል፤ ያ የድሮው ድካም ግን የለም። ለካ ስንሸሸግ የኖርነው እኛን ከምትመስል ሴት ነበር። ለሽማግሌዎቹ የዋሸሁት እኔ ነኝ፤ ዘሐራ ገሉን ጉድጓድ ውስጥ ስትከት ከጎኗ ቆሜ ያየሁትም እኔ ነኝ። ይቅር በይኝ አልኳት። «ለየትኛው?» አለችኝ። የምትዘረዝረው ብዙ ነበራት፤ አልዘረዘረችም። እናንተም ከቤታችሁ ጀርባ በገለባ የሸፈናችሁት ነገር ካለ፣ ምከሩኝ ብላችሁ ወደኔ አትምጡ፤ እኔ በራሴ ጉልበት አላወጣሁትም። አማቼ ባይመጣ ዛሬም «ከሩቅ ነው» እያልኩ ነበር።

አሁን በየወሩ ከዲጃ በሚኒባስ ትመጣለች። ከአጥሩ በር ሳትገባ ነው የምትጀምረው፤ ማገዶው እርጥብ ነው፣ ኩበቱ ተጣቦ ተደርድሯል፣ ይሄ ልጅ አፈሩን አላጠራውም። ይሄ ልጅ የምትለው እኔን ነው። ዘሐራም ትመልስላታለች፤ ጃማ መቼ ሸክላ ተሠርቶ ያውቃል ትላታለች። ድምፃቸው እስከ መንገዱ ይሰማል። እኔ ግድግዳው ሥር ጀርባዬን ለፀሐይ ሰጥቼ እቀመጣለሁ፤ ዝቅ አድርጉት፣ ሰው ይሰማል አልላቸውም።